በቡስታኒ ሳይከፈት የኖረው በር

ናይሮቢ ውስጥ ቡስታኒ የሚባለው ሰፈር ሲሠራ እያንዳንዱ ቤት አንድ የታፈነ በር ነበረው። ፎቅ ላይ፣ ደረጃው እንዳለቀ በስተቀኝ፣ መቃን ተተክሏል፣ ጉበን ተጥሏል፤ መሀሉ ግን በብሎኬት ተደፍኖ በልስን ተሸፍኗል። ነዳፊዎቹ ነገሩን አርቀው አስበውታል። የቤቱ ባለቤት ልጅ ሲበዛለትና ኪሱ ሲፈታለት፣ ከጎን በተተወለት ባዶ መሬት ላይ ከታችም ከላይም አንዳንድ ክፍል ይጨምርና ብሎኬቱን አፍርሶ ይገባበታል። ቤቱ ከቤተሰቡ እኩል ያድጋል የሚል ሐሳብ ነው። ክፉ ሐሳብ አልነበረም።

መቃኖቹን ከተከሉት አናጢዎች አንዱ አግዋንዳ ነበር። ከትልቁ ሐይቅ አጠገብ፣ ከሉዎዎች አገር የመጣ ቀጭን ወጣት፤ መላጊያውን እንደ አራስ ልጅ በጨርቅ ጠቅልሎ ነው የሚይዘው። የእሱ እጅ ያረፈበት በር በአንድ ነገር ይታወቃል። በጣት ገፋ ሲያደርጉት ሲጥ ሳይል፣ ሳይላተም፣ ቀስ ብሎ ሄዶ ከመቃኑ ይገጥማል። የሥራው ኃላፊ ቤቱን ለገዢ ሲያሳይ ስለ ጣሪያውም ስለ ወለሉም ብዙ አያወራም፤ "እስቲ በሩን በጣትዎ ይግፉት" ይላል፣ በቃ።

አንድ እሑድ ሚስቱ አዎኮ ምሳ ይዛለት መጣች። አዎኮ ልብስ ሰፊ ናት፤ ገበያ ውስጥ ከአንድ ዳስ ጥግ የእግር ስፌት መኪናዋን አስቀምጣ የተማሪ ዩኒፎርም ትሰፋለች። እሱ የያዘችለትን ኡጋሊ የሚሉትን የበቆሎ ገንፎ በደረቅ ዓሣ እያጣቀሰ ሲበላ እሷ ያላለቀውን ቤት ልታይ ወጣች። ደረጃው ራስ ላይ ደርሳ ግድግዳውን በጣቷ መታ መታ አደረገችው።

"ስማ፣ እዚህ ጋ ድምፁ ሌላ ነው። ምን ቀብራችሁበት ነው?"

"በር ነው።"

"በር ከሆነ ለምን ደፈናችሁት?"

"ወዲያ ምንም የለማ! ከፍተሽ ብትወጪ አየር ረግጠሽ ነው የምትወርጂው።"

"ክፍሉን ማን ነው የሚሠራው?"

"የገዛው ሰው።"

አዎኮ ክንዷን ዘርግታ በምሥራቅ በኩል ያለውን ግድግዳ ለካች። ከዚያ ወዲያ ያልተሠራው ክፍል ገና ድሮ ተሠርቶ ያለቀ ይመስል፣ "እንግዲያው እኛ እንግዛው" አለች። "መኪናዬን እዚያ አደርጋታለሁ። የጠዋት ፀሐይ በግራዬ ይገባል፤ ክር ለማስገባት ዓይኔን አላጨናብስም።"

አግዋንዳ ጉርሻው አፉ ውስጥ እንዳለ ሳቀ። በዓመቱ ግን ገዙት። ከተማው ለሠራተኛ ሰው በረጅም ጊዜ ክፍያ ይሸጥ ስለነበር፣ የእሱ ደመወዝና የእሷ ዩኒፎርም ተደምረው አደረሷቸው።

ያን ጊዜ ቡስታኒ ለዓይን ይመች ነበር። ሃያ የሚሆኑ ቤቶች ክብ ሠርተው ፊታቸውን ወደ አንድ የጋራ መስክ ያዞራሉ፤ አንዱ ክብ አንድ ግቢ ይባላል። መኪና ገብቶ ይዞርበታል እንጂ አያልፍበትም፤ ልጅ መስኩ ላይ ሲውል የእናት ልብ አይሰቀልም። ነጭ ግድግዳ፣ ቀይ የሸክላ ጣሪያ፣ በቤትና በቤት መሀል ከወገብ የማያልፍ የእሾህ አጥር። ደንቡ ጥብቅ ነው። ግንብ ማጠር የለም፣ ሱቅ መክፈት የለም፣ ፍየል ማሰር የለም። ነርሷ፣ አስተማሪው፣ የባቡር ሠራተኛው፣ የባንክ ጸሐፊው ሁሉም ቅዳሜ ቅዳሜ ሣር ያጭዳል፣ አጥሩን ይከረክማል።

ከአጥሩ ወዲያ ያለውን ቤት የገዛው ንዱንጉ የሚባል የመኪና መለዋወጫ ነጋዴ ነው። የኪኩዩ ጎሳ ሰው ነው፤ ሆዱ ከሱ ቀድሞ ይገባል፣ ሳቁ ደግሞ ከሆዱ ቀድሞ ይሰማል። የሁለቱ ቤቶች ባዶ መሬት ጎን ለጎን ነው፤ ግማሹ የንዱንጉ፣ ግማሹ የአግዋንዳ።

አዊኖ የምትባል ሴት ልጅ ተወለደች። ከዚያ ወዲህ አግዋንዳን በስሙ የሚጠራው ጠፋ፤ ለግቢው ሁሉ ባባ አዊኖ ሆነ፣ አዎኮም ማማ አዊኖ። ቀጥሎ ኦኮት የሚባል ወንድ ልጅ መጣ። በዚያው ሰሞን አግዋንዳ ከሥራ ቦታ የተረፈ፣ ብል የማይደፍረው የምቩሌ ጣውላ አገኘ። ከሥራ መልስ በረንዳው ላይ ተቀምጦ ለአዎኮ ክፍል በር ሠራላት። አራት ገበታ ያለው፣ ጠርዙ በእጅ የተፈለፈለ፣ እስከ ዛሬ ለሰው ከሠራው ሁሉ የሚበልጥ በር። ቁመቱን ከታፈነው መቃን ላይ ለክቶ ነው የቆረጠው። አዎኮም ለመስኮቱ የሚሆን ቢጫ መጋረጃ ሰፍታ ሣጥኗ ውስጥ አኖረች። በሩ ከቁም ሣጥኑ ጀርባ ተደግፎ ቆመ፤ ክፍሉ እስኪሠራ።

ክፍሉ ግን አልተሠራም። እዚህ ላይ የሉዎ ሰው ያልሆነ ምን ነካው ሊል ይችላል፤ የሉዎ ሰው ግን አይጠይቅም። ሉዎ ከተማ ውስጥ የሚኖርበት ማደሪያ ነው። ደጄ የሚለው፣ ሲሞት ከፊቱ የሚቀበርበት፣ አገር ቤት ያለው ነው። የራሱን ደጅ ሳያቆም የሞተ ሰው፣ ፀጉሩ የሸበተ ቢሆን እንኳ፣ እንደ ልጅ ካባቱ ግቢ ጥግ ይቀበራል። አግዋንዳ በየገናው አገር ቤት ሲሄድ ታላቅ ወንድሙ ኦሞሎ እንግዳ ፊት ያነሳበታል።

"እህ፣ የናይሮቢው ጌታ! በቧንቧ ውሃ ትታጠባለህ አሉ። ስትሞት ቧንቧው ሥር እንቅበርህ?"

ሰው ይስቃል። አግዋንዳም ይስቃል፤ ግን ናይሮቢ እስኪደርስ የአውቶብሱን ጎማ ድምፅ እየሰማ ያንኑ ያብሰለስላል።

ስለዚህ የሚተርፈው ሁሉ ወደ አገር ቤት ሄደ። ሲሚንቶው፣ ቆርቆሮው፣ ምስማሩ። አዎኮ ስትጠይቅ መልሱ አንድ ነው።

"መጀመሪያ ደጃችን ይቁም። ክፍልሽ የት ይሄዳል? ብሎኬት አይሸሽ።"

"እኔም አልሸሽም" ትላለች። ደረጃው ራስ ላይ ባለችው ጠባብ ቦታ፣ ከታፈነው በር ፊት ለፊት፣ በአምፖል እየሰፋች።

ንዱንጉ ይህን ያህል ሲሚንቶ ወደ ምዕራብ ሲጫን እያየ ዝም አይልም። "እናንተ ሉዎዎች ለሬሳችሁ ቤት ትሠራላችሁ፤ እኛ ለተከራይ እንሠራለን።"

"እናንተማ ሬሳ ኪራይ ቢከፍል አልጋ ታነጥፉለት ነበር" ይለዋል አግዋንዳ፤ ሁለቱም እየሳቁ አጥራቸውን ይከረክማሉ።

ደጁን የሚያቆሙበት ቀን ተቆረጠ። ወጉ እንዲህ ነው፦ አባት ከበኩር ወንድ ልጁ ጋር መጥረቢያና አውራ ዶሮ ይዞ ይቀድማል፣ ሚስት እሳት ይዛ ትከተላለች። የመጀመሪያይቱ ጎጆ በዚያው ቀን ተማግራ፣ ተለስና፣ ጣሪያ ለብሳ ጀምበር ሳትጠልቅ በር ሊገጠምላት ግድ ነው፤ በዚያችው ሌሊት ባልና ሚስት ያድሩባታል። ያላለቀች እንደሆነ ገዱ ይበላሻል። የአገር ቤት አናጢ ያዘጋጀው በር ግን ከእርጥብ እንጨት ስለነበር ገና ሳይደርሱ ተጣሞ እንደ ቀስት ደግኗል ተብሎ ቀድሞ ተነግሯቸዋል። አግዋንዳ ጊዜ የለውም። ከቁም ሣጥኑ ጀርባ ግን የተሠራ በር አለው።

"ያው ላንቺ ነው" አላት አውቶብሱ ጣሪያ ላይ እያስጫነ። "የትም ቢሰቀል በርሽ ነው።"

አዎኮ ገመዱን አጠበቀችለት።

ጎጆዋ በሰው ብዛት ቶሎ ቆመች። ግን የሣር ጎጆ ዝቅ ያለች ናት። አግዋንዳ በሩን አምጥቶ ከመግቢያው ላይ ቢያቆመው አንድ ስንዝር ተረፈው። ጀምበር ከሐይቁ በላይ ቀልታለች። ሽማግሌዎቹ ያጉረመርማሉ። መጋዙን አነሣ።

አዎኮ የእሳቱን ገል እንደያዘች ጠጋ አለች። "ባባ አዊኖ፣ መግቢያውን ከፍ ማድረግ አይቻልም?"

"ጣሪያው ተመቷል እኮ! ጀምበሯን አታይም?"

"እያየኋት ነው" አለች።

ኦሞሎ ከኋላ ጮኸ፤ "በሉ እንጂ! ሴትዮዋ እሳቷን ይዛ ውጭ ልትቆም ነው?"

አግዋንዳ ቆረጠው። ምቩሌ ጠንካራ ነው፤ መጋዙ ሲሄድ ሲመለስ የሰማው ሁሉ ጥርሱን ነከሰ። ከሥሩ የተቆረጠችው ጉራጅ መሬት ወደቀች፤ አዎኮ ጎንበስ ብላ አነሣቻትና በዚያችው ሌሊት እሳቱ ውስጥ ጨመረቻት። በሩ በጥድፊያ ስለተሰቀለ ማጠፊያው አዘመመ፤ ለመዝጋት በሁለት እጅ ብድግ አድርጎ መግፋት ያስፈልገዋል። ከእጁ ከወጡ በሮች ሁሉ በጣት የማይዘጋው እሱ ብቻ ነው።

"ሌላ እሠራልሻለሁ" አላት ሲተኙ።

"እሺ።"

ደጁ ቆመ፤ ኦሞሎም ማሾፉን ተወ። ግን ደጅ ቆመ ማለት አለቀ ማለት አይደለም። ጎጆዋ በቆርቆሮ ቤት ትተካለች፣ ያቺ በር እንዳለች ወደ አዲሱ ትዞራለች፣ ከዚያ የእህል ጎተራው፣ ከዚያ የከብቱ በረት። ነገ ዛሬ ሲባል ልጆቹ አደጉ።

ቡስታኒም በዚህ መሀል ሌላ ሰፈር ሆነ። መጀመሪያ ውሃ መቋረጥ ጀመረ፤ ሰው ሁሉ ጣሪያው ላይ በርሜል ሰቀለ። ከዚያ ሌባ በዛ፤ የእሾህ አጥሩ ተነቅሎ ግንብ ቆመ፣ ግንቡ ላይ ስባሪ ጠርሙስ ተተከለ። ደንቡን የሚያስከብሩት ሰዎች ራሳቸው ጋራዣቸውን ፀጉር ቤት አድርገው አከራዩ። ለአንድ ቤተሰብ ተብሎ የተቀበረ ቀጭን የፍሳሽ ቧንቧ አራት አምስት ቤተሰብ ተሸከመ፤ በክረምት ክዳኑን ገፍቶ መስኩ ላይ ይፈሳል። ቀስ በቀስ ልጆች መስኩ ላይ መጫወት ተዉ። ይህ ሁሉ ሲሆን በደንብ የተቆጣ አልነበረም። ንዱንጉ ኪራዩን ያስባል፣ አግዋንዳ አገር ቤቱን ያስባል፤ ቡስታኒን ቤቴ ብሎ የሚያስብላት ባይኖር ነው እንዲህ ተበልታ ያለቀችው። አዎኮ ብቻ ነበረች፤ እሷን ደግሞ ማን ጠየቃት?

በዚያ ዘመን ሁሉም የታፈነ በሩን ይከፍት ጀመር፤ ከፋቹ አግዋንዳ ነው። ራሱ የተከለውን መቃን ከልስን ሥር ያወጣዋል፣ ያጸዳዋል፣ በር ይሰቅልበታል። የነርሷን ከፈተ። የአስተማሪውን ከፈተ። የንዱንጉን ሁለት ጊዜ ከፈተ፤ አንዴ ለልጆቹ፣ ልጆቹ ሲወጡ ተደፍኖ ደግሞ ለተከራይ። ያገኘው ደግሞ ወደ ምዕራብ ይሄዳል።

"ማማ አዊኖ" ይላታል ንዱንጉ፣ "ባልሽ እኮ የቡስታኒ በር ከፋች ነው፤ ያንቺን ብቻ ፈርቶት ነው?"

"ያለቀለትን በሩን አገር ቤት በልቶበት ነው" ትላለች አዎኮ። ትስቃለች፤ ግን ስፌቷ ላይ እንዳጎነበሰች ነው የምትስቀው።

ከዚያ ምርጫውን ተከትሎ አገር የተናወጠበት ክፉ ጥር መጣ። ትናንት ሣር አብሮ ያጨደ ጎረቤት ጎረቤቱን በወገኑ መለካት ጀመረ። አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ ቆመጥ የያዙ ጎረምሶች እየዘፈኑ ግቢው ውስጥ ገቡና "የሉዎው ቤት የቱ ነው?" አሉ። ንዱንጉ በካናቴራ ወጥቶ አግዋንዳ በር ላይ ወንበር አስቀመጠና ያንን ሆዱን ይዞ ተቀመጠበት።

"የሉዎ ቤት የለም" አላቸው በኪኩዩ። "ይሄ የእኔ ቤት ነው፤ ተከራዮቼ ናቸው። ተከራዬን የነካ ኪራዬን ነካ፤ ኪራዬን የነካ ደግሞ እናቴን ሰደበ።"

ጎረምሶቹ ሳቁና ሄዱ። ሁከቱ እስኪበርድ ወንበሩ ከበሩ አልተነሳም። አዎኮ በመስኮት ሻይ በወተት ትሰጠዋለች፤ እሱም "ተከራይ ሆይ፣ ስኳር አነሰው" ይላታል።

ሁከቱ ካለፈ ከሁለት ዓመት በኋላ ንዱንጉ አጥሩን ዞሮ መጣ። አሁን ቀልድ የለበትም። ቤቱን አፍርሶ ባለ አምስት ፎቅ የኪራይ ቤት ሊሠራ ነው፤ ሥፍራ ግን ጠቦታል።

"ባባ አዊኖ፣ በመካከላችን ያለችውን ያንተን ድርሻ ልቀቅልኝ። ለአገር ቤትህ የሚቀረውን ቆርቆሮ እችላለሁ፤ የፎቁን በሮች በሙሉ ደግሞ አንተ ሥራ። እንግዲህ በዚህ ዕድሜህ ክፍል አትጨምር!"

አግዋንዳ በዚያ ክፉ ጥር በሩ ላይ ተቀምጦ የጠበቀውን ሆድ አየ። "ውሰዳት" አለ። እጅ ለእጅ ተጨባበጡ።

ማታ እራት ላይ ለአዎኮ ነገራት። እሷ እጇን ከሳህኑ አነሳች።

"ነፍሳችንን ያተረፈ ሰው ፀሐያችንን ቢጠይቅ ምን ይባላል" አለች። "ብትጠይቀኝ እሺ እል ነበር፣ ባባ አዊኖ።"

"ታዲያ ምን ችግር አለው? እኔም እሺ ነው ያልኩት።"

"አልጠየቅከኝም።"

ተነሥታ ሳህኑን አነሳች። ስለ በሩ ከዚያ ወዲያ አንስታ አታውቅም። አግዋንዳ መጀመሪያ ጉዳዩ አለቀ ብሎ ደስ አለው፤ ቆይቶ ነው ዝምታዋ ከጥያቄዋ ይልቅ የከበደው።

ፎቁ ተሠራ። አግዋንዳ ሠላሳ የሚሆኑ ከወረቀት የማይሻሉ በሮች ሰቀለ፤ ያም ሆኖ በጣት ይዘጋሉ። የቤቱ ምሥራቅ ጎን ጨለመ፤ አዎኮ በጠራራ ቀን አምፖል ታበራ ጀመር። ዓይኗ ደከመ፣ ቀጥሎ ስኳር አገኛት፣ ቀጥሎ ኩላሊቷ። ሆስፒታል ሳለች አግዋንዳ እጇን ይዞ "ክፍሉን በሌላ በኩልም ቢሆን አወጣልሻለሁ" አላት። እሷም አሳዝኗት ይሁን አስቋት፣ "ብሎኬት አይሸሽ" አለችው።

አገር ቤት ተቀበረች፤ ወጉ እንደሚያዘው ከቤቷ ፊት በስተግራ። ቤቱን ብዙ አታውቀውም፤ ገና በመጣ ቁጥር ነበር የምታድርበት። አግዋንዳም እዚያው ቀረ፤ ደጅ ያለው ሰው ሚስቱን ብቻዋን ትቶ ከተማ አይመለስም። ዕድሜ ልኩን የደከመለት ቦታ ላይ ተቀመጠ፤ የደከመለት ቦታ ግን አላወቀውም። ጎረቤት የሚጠራው "የናይሮቢው" እያለ ነው። ከብት ማሰር ረስቷል፤ የዝናብ ደመና ለይቶ ማወቅ ረስቷል። ጠዋት ጠዋት ያንን ዘማማ በር በሁለት እጁ ብድግ አድርጎ ሲከፍት፣ ከሥሩ የተቆረጠበት ቦታ ላይ ዓይኑ ይወድቃል። ማታ ሲዘጋ ዓይኑ እዚያው ነው።

አዊኖ ከናይሮቢ ደወለች። ጎልማሳ ሆናለች፣ መድኃኒት ቤት አላት። "ባባ፣ የንዱንጉ ልጆችና አንድ ቤት ሠሪ ድርጅት ረድፉን በሙሉ ሊገዙ ነው። ቤታችንም ይፈርሳል። ተከራይ ከገባበት ጀምሮ ፍሳሹ ኩሽና ድረስ ነው የሚመጣው፤ ይዘነው ምን እናደርገዋለን? ኦኮትም ይሸጥ ብሏል። አንተ ካላልክ ግን አንሸጥም።"

አግዋንዳ ስልኩን ዘግቶ ማጠፊያውን መፍታት ጀመረ። ኦሞሎ አሁን በከዘራ ነው የሚሄደው፤ አይቶት ጮኸበት።

"ምን እያደረግህ ነው አንተ?"

"በሩን ናይሮቢ ልወስደው ነው። አንድ ቀን ቢሆን እንኳ ቦታው ላይ ልስቀለው።"

"የሞተች ሴት በር ይነቀላል እንዴ? ደጇን ክፍት አድርገህ ልታሳድራት ነው?"

"የኔን በር ነው የምነቅለው።"

"እዚህ ስትሰቅለው የሷ ሆነ። ደግሞስ" አለ ኦሞሎ ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ "አንድ ስንዝር ይጎድለዋል እኮ። እኔም ነበርኩ። ረሳኸው?"

አልረሳውም። የፈታውን ብሎን መልሶ አጠበቀው። መሮና መዶሻ ብቻ በጨርቅ ጠቅልሎ አውቶብስ ተሳፈረ።

ቡስታኒ ሲደርስ ተከራዩ ወጥቷል፤ ቤቱ ባዶ ነው። ደረጃው ራስ ላይ የአዎኮ ስፌት መኪና በላስቲክ እንደተሸፈነች አለች፣ አጠገቧ ሣጥኗ። አዊኖን "እስከ ነገ ተዪኝ፤ ነገ ቁልፉን ትሰጫቸዋለሽ" አላት። በማለዳ ሥራ ጀመረ። እጁ እንደ ድሮው አይደለም፤ ልስኑን በመሮ እየፈለፈለ መቃኑን አገኘው። ያኔ በወጣትነቱ የተከለው እንጨት አልሻገተም፣ አልተጣመመም። ብሎኬቱን ከላይ ጀምሮ አንድ በአንድ እያወጣ ወለሉ ላይ ደረደረ። የመጨረሻውን ሲያወጣ ብርሃን ይገባል ብሎ የጠበቀ ያህል ዓይኑን ጨፈን አድርጎ ነበር።

ፊት ለፊቱ የንዱንጉ ፎቅ ግድግዳ ነው። ክንዱን ቢዘረጋ ይነካዋል። ግድግዳው ላይ አንዲት ትንሽ የኩሽና መስኮት አለች፤ መስኮቷ ውስጥ ጭልፋ የያዘች ወጣት ሴት አፏን ከፍታ ታየዋለች።

"እንዴ ምዜ፣ የኔ አባት! ከየት ወጡ?"

"ከቤቴ።"

"እዚያ ጋ በር ነበረ እንዴ? እኔ እኮ ደንቆኛል፤ ከግድግዳ ውስጥ ሰው ሲያንኳኳ ጠዋት ሙሉ ወንጌል ሳነብ ነው የቆየሁት።"

አግዋንዳ ሳቅ አለ። "ነበረ። አልተከፈተም ነበር።"

"ታዲያ ወዴት ነው የሚያስወጣው?"

አግዋንዳ የመጨረሻዋን ብሎኬት ከሌሎቹ ጋር ደረደረ። ሴትዮዋም ፊቱን አይታ አልደገመችውም። "ቆይ እስቲ" ብላ ገባችና አንድ ስኒ ሻይ በወተት፣ በላዩ ላይ ማንዳዚ የሚሉትን በዘይት የተጠበሰ ዳቦ አድርጋ፣ በሁለቱ ግድግዳዎች መሀል አሻግራ ሰጠችው። አግዋንዳ ጎንበስ ብሎ ተቀበለ። ቁልቁል ቢያይ በመካከል ያለችው ጠባብ ጉድባ በአሮጌ ፌስታልና በጠፉ የልጆች ኳሶች ተሞልታለች። የአዎኮ ክፍል እዚያ ነበር የሚሆነው።

ወደ ቀትር ገደማ ንዱንጉ ሰምቶ መጣ። ደረጃውን በልጅ ልጁ ክንድ ተደግፎ ወጣ፤ ሆዱ ከስቷል። የተከፈተውን በር አየ፣ የራሱን ግድግዳ አየ።

"ይህን ያህል ቅርብ ነው እንዴ የሠራሁት?" አለ።

"አንተ ሠራህ፤ እኔ ለቀቅኩ።"

"ማማ አዊኖ ተቀይማኝ ነበር?"

"አንተንስ አልተቀየመችም። 'ነፍሳችንን ያተረፈ ሰው' ነበር የምትልህ።"

"አንተንስ?"

አግዋንዳ ስኒውን ለሴትዮዋ መልሶ አቀበለና እጁን በሱሪው ጠረገ። ሁለቱም ብሎኬቶቹ ላይ ጎን ለጎን ተቀመጡ።

እንግዳው ሲሄድ አግዋንዳ ሣጥኑን ከፈተ። ቢጫው መጋረጃ ተጣጥፎ ከታች ተቀምጧል፤ ጠርዙ ላይ ያለው ስፌት አንድም አልተፈታም። ሁለት ምስማር ጉበኑ ላይ መታና ሰቀለው። ስፌት መኪናዋን አምጥቶ ከሥሩ አኖራት፤ የሚገባ ብርሃን ቢኖር በግራ በኩል እንዲሆን አድርጎ አዞራት።

በማግሥቱ አዊኖ ቁልፉን ልትቀበል መጣች። መኪናዋን ሰው አሸክማ ወደ ቤቷ ላከች። መጋረጃውን ልታወርደው ስትል አባቷ ከለከላት። እሷም በተከፈተው በር ወዲያ ያለውን ግድግዳ አየች።

"እናቴ እዚህ ነበር የምትፈልገው?" አለች።

"እዚህ ነበር።"

"ምነው ሳትሠራላት ቀረህ፣ ባባ?"

"አገር ቤት ስሠራላት ነበር" አለ አግዋንዳ። የተናገረው ለራሱም ተሰማው።

ወረዱ። አዊኖ ወጥታ በረንዳው ላይ ቆመች። አግዋንዳ የፊቱን በር እንደ ልማዱ በአንድ ጣት ገፋ አደረገው። በሩ ሄደ፣ ሄደና ከመቃኑ ሳይደርስ ቆመ፤ ከዚያ ተመልሶ ተከፈተ። እንደገና ገፋው። እንደገና ተመለሰ። ማጠፊያውን ጎንበስ ብሎ አየ፤ ምንም አልሆነም። ከዚያ ፊቱ ላይ ነፋስ ተሰማው። በሁለቱ ግድግዳዎች መሀል የታፈነው አየር በተከፈተው በር ገብቶ፣ በደረጃው ቁልቁል ወርዶ ነው የሚመጣው። ላይ መጋረጃው ሲርገበገብ ይሰማል።

"ጠንከር አድርገህ ግፋው እንጂ ባባ፤ በእጅህ ግፋው።"

አግዋንዳ እጁን እጀታው ላይ አደረገ፤ አልገፋውም።

"ተዪው" አለ። "ክፍት ይሁን።"

"ክፍት እንደሆነ እንዴት አስረክባለሁ?"

"ነገ ለሚያፈርሱት በር ምን ቁልፍ ያስፈልገዋል? እንዲሁ ስጪያቸው።"

መሮውንና መዶሻውን በጨርቁ ጠቅልሎ ብብቱ ሥር አደረገና ወደ አውቶብሱ ሄደ። አዊኖ ቁልፉን እንደያዘች በረንዳው ላይ ቆማ፣ በሩ ሲሄድ ሲመለስ ታየው ነበር።